ለሚያልፍ ሁሉ የሚነሱት አያቴ

ዛሬ ጠዋት ወደ ዩኒቨርሲቲ ለመሄድ መካኒሳ አውቶቡስ ፌርማታ ስደርስ፣ ድንጋይ ላይ የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ብድግ ብለው «ኖር!» አሉኝ። አያቴ ትዝ አሉኝ።

በደርግ ጊዜ ነው። አያቴ ሚስታቸው ሲሞቱባቸው አባቴ ከመንዝ እኛ ዘንድ አመጣቸው። ቀኑን ሙሉ እዚሁ መንገድ ዳር ተቀምጠው፣ እንደ አገራቸው ልማድ ለሚያልፍ ሁሉ እየተነሱ «ኖር!» ይሉ ነበር። ከፋብሪካ የሚወጣውም ወደ ቀበሌ ሱቅ የሚሮጠውም ዝም ብሎ ያልፋል፤ «በእግዜር» ብሎ የሚመልስላቸው የለም።

«አባባ፣ ይቀመጡ እንጂ! አያውቁዎትም እኮ» አልኳቸው።

«እኔስ መች አውቃቸዋለሁ? አንድ ሰው ቢመልስልኝ ይበቃኛል፤ ከሰው መሀል ነኝ እላለሁ።»

አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ጓደኞቼ ጋር፣ የአቅኚ ልጆች ማኅበር ቀይ ስካርፋችንን አስረን ስናልፍ ተነሱልን።

«ኖር፣ ልጆቼ!»

«እኚህ ባላገር ደግሞ! ባለሥልጣን መሰልናቸው እንዴ?» ብላ አንዷ ሳቀች። እኔም አብሬ ሳቅሁ። አያቴ ናቸው አላልኩም።

ማታ አባቴ «እንዴት ዋሉ?» ሲላቸው፣ «ደህና። ልጅቱን ከጓደኞቿ ጋር አየኋት፤ አድጋለች» አሉ።

ከማግስቱ ጀምሮ ሰው ሲያልፍ መነሳት ተዉ። አባቴ እግራቸውን ያመማቸው መስሎት ነበር፤ እውነቱን እስከ ዛሬ አልነገርኩትም።