«አይታረቁም» የሚለው ካርቶን

ነገሩ የጀመረው እሁድ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ተኩል ላይ ነው። ዝናቡ የአዳራሹን ቆርቆሮ እየደበደበው ስለነበር መድረክ ላይ ያሉት ልጆች ካልጮኹ በቀር ከሦስተኛው ረድፍ ወዲያ የሚሰማ ነገር አልነበረም። እኔ የመጨረሻው አግዳሚ ጫፍ ላይ፣ በሩ ሥር ተቀምጫለሁ። የትም ብገባ የምቀመጠው እንዲህ ያለ ቦታ ነው፤ ማንንም ሳላስነሳ የምወጣበት።

በማግስቱ ጠዋት ክፍላችን ፊት ቆሜ የመመረቂያ ጽሑፌን ማቅረብ ነበረብኝ። ጽሑፉ ስለ አንድ ጀርመናዊ ጸሐፌ ተውኔት ነው። እንዲያውም በትክክል ስለ እሱ አይደለም፤ ሃያሲዎች ስለ እሱ ቲያትር ስለጻፉት ነው። ሰውዬው ቲያትር ዓለምን ለመለወጥ መሥራት አለበት ባይ ነበር። ተመልካቹ አልቅሶ፣ ቀሎት ወደ ቤቱ እንዲሄድ አይፈልግም። ረጋ ብሎ አይቶ እንዲፈርድ ነው የሚፈልገው። ስለዚህ የሚሆነውን ነገር አስቀድሞ ጽፎ ያሳያል። መጨረሻውን ያወቀ ሰው «ምን ይሆን ይሆን?» ማለቱን ትቶ «ለምን ሆነ?» ብሎ ይጠይቃል በሚል ነው። ሃያሲዎቹ የሚጣሉትም እዚህ ላይ ነው። አንዱ ተሳክቶለታል ይላል፤ ሌላው ሰው አሁንም እያለቀሰ ነው የሚወጣው ይላል፤ ሌላው ደግሞ ጥፋቱን በተመልካቹ ላይ ይጥላል። እኔ የሁሉንም ቃል በየተራው፣ አንዳቸውንም ሳላስቀይም አስቀምጬ ነበር። አማካሪዬ ጽሑፉን ሁለት ጊዜ መለሱልኝ። በሁለተኛው ላይ በቀይ እስክሪብቶ የጻፉት አንድ ቃል ብቻ ነው፦ «አንቺስ?»

ለዚህ ቃል ነገ መልስ ካላመጣሁ ከጓደኞቼ ጋር አልመረቅም። በግልጽ ነግረውኛል።

ያን ቀን የሚታየውን ድራማ የጻፉት የክፍላችን ልጆች ናቸው፤ የጀርመኑን ሰው ዘዴ እዚህ መቱ ከተማ ላይ ለመሞከር። አባታቸው የሞተባቸው ሁለት ወንድማማቾች በቡና ማሳ ይጣላሉ። ታላቁ ለዓመታት ማሳውን ሲጠብቅ ኖሯል። ታናሹ ከተማ ተምሮ ይመለስና እኩሌታውን ይጠይቃል። አንዲት እህትም አለቻቸው፤ ቅርጫት ይዛ ትገባለች፣ ቡናውን አራግፋ ትወጣለች። እስከዚያ ድረስ ሁሉም ነገር እንደታሰበው ሄደ። ከዚያ አንዲት ልጅ ትልቅ ካርቶን በሁለት እጇ ከፍ አድርጋ ወጣች። በኦሮምኛ ቁቤም በአማርኛም የተጻፈው እንዲህ ይላል፦ «በዚህ ትዕይንት ወንድማማቾቹ አይታረቁም።»

አዳራሹ አጉረመረመ።

«ማነው አይታረቁም ያለው?» አለች አንዲት ሴት ከፊት።

ሁለት ሽማግሌዎች ከመካከል ተነሱና በአጠገቤ አልፈው ወደ ዝናቡ ወጡ። ተቀይመው የሄዱ መስሎኝ ነበር። ወዲያው ግን እርጥብ ሳር ጨብጠው ተመለሱ። እኛ አገር እርቅ የሚለምን ሰው ሳር ይይዛል። ረጅሙ ሽማግሌ ጡረታ የወጡ የትምህርት ቤት ዳይሬክተር ናቸው፤ አጭሩ ደግሞ ማር ነጋዴ። ሁለቱም ከመቱ አቅራቢያ ከሁሩሙ የመጡ ናቸው። ቀጥ ብለው መድረኩ ላይ ወጡ።

«ማሎ፣ እባካችሁ ልጆቼ» አሉ ረጅሙ ሳሩን ዘርግተው። «ማሎ፣ ስለ አባታችሁ አጥንት!»

ታላቅ ወንድም የሆነው ልጅ ጎንበስ ብሎ፣ «ጋሼ፣ ድራማ እኮ ነው» አላቸው በሹክሹክታ። ዝናቡ ጋብ ብሎ ስለነበር ሁላችንም ሰማነው።

«አንተን ማን አናገረህ? እሱን ነው የማናግረው!»

ልጁ «እሱን» ለመፈለግ ይመስል ወደ ኋላው ዞሮ አየ። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። የድራማው አዘጋጅ፣ ድምፁ ከማይክሮፎን የሚበልጥ የክፍላችን ልጅ ነው፣ ከመጋረጃው ጀርባ ሮጦ ወጣ።

«የተከበራችሁ ተመልካቾች፣ ይህ ትዕይንት ሆን ተብሎ...»

«ተቀመጥ አንተ! ሽማግሌ እየተናገረ?» አሉት ከታች።

«መጀመሪያ ያንን ካርቶን ዞር አድርጉልን» አሉ ማር ነጋዴው። «እንዲህ ያለ ነገር ተሰቅሎ ሽምግልና አይጀመርም።»

ልጅቷ ካርቶኑን ከጀርባዋ ደበቀች።

ከዚያ በኋላ የሆነውን እስካሁን ሳስበው ይገርመኛል። ሽማግሌዎቹ ወንድማማቾቹን በየተራ ጠየቁ። ልጆቹም የሚሉት ነገር ስላልተጻፈላቸው ከራሳቸው እያመጡ መለሱ። ታናሹ ግትር ሆነ፤ ታላቁ የምሩን እንባ አመጣ። አልታረቁም። ግን «አይታረቁም» ተብሎም አልቀረም። ረጅሙ ሽማግሌ ወደ ሕዝቡ ዞረው፣ «ለመጪው እሁድ ቀጠሮ ይዘናል» አሉና ሰው አጨብጭቦ ወጣ።

አዘጋጁ በረንዳው ላይ አገኘኝ፤ ፊቱ ቲማቲም መስሏል።

«አበላሹት! አንቺ ግን ዕድለኛ ነሽ፤ የተዘጋጀ ማስረጃ ነው። ነገ ‹ተመልካቹ አልበሰለም፣ ድራማና እውነት ይምታታበታል› በያቸው፤ አለቀ።»

እውነትም ይመቸኝ ነበር። ከሃያሲዎቼ አንዱ ቃል በቃል ማለት ይቻላል እንዲሁ ብሏል፤ የእሱን ስም ከፊት አስቀምጬ ከኋላው መደበቅ እችላለሁ። ግን «አንተን ማን አናገረህ?» የሚለው ነገር ከጆሮዬ አልወጣም። ድራማና እውነት የተምታታበት ሰው ልጁን ከሚጫወተው ሰውዬ እንዲህ ለይቶ ያናግራል?

ሽማግሌዎቹ ሚኒባስ እየጠበቁ ነበር። ሁለት ጊዜ አልፌያቸው ሄድኩ። በሦስተኛው ማር ነጋዴው፣ «ይቺ ልጅ የጠፋባት ነገር አለ» ሲሉ ቆምኩ።

«ጋሼ... ይቅርታ። ድራማ መሆኑን ያውቁ ነበር?»

ረጅሙ ሳቁ። «ታላቁ ወንድም የጎረቤቴ ልጅ ነው። ከእህቶች በቀር ወንድም እንኳ የለውም!»

«ታዲያ ለምን ተነሱ?»

«አይታረቁም ተብሎ ሲጻፍ፣ እኛ ሰው ሆነን እዚያው ተቀምጠን?» አሉና ከላይ እስከ ታች አዩኝ። «አንቺ ምን ትሠሪያለሽ?»

«ስለ ቲያትር የጻፉ ሰዎች ስላሉት ነገር እጽፋለሁ።»

«ስለጻፉት ሰዎች?»

«አዎ።»

«ከደጅም ደጅ ነው የቆምኩት በይዋ!» አሉ ማር ነጋዴው።

እኔም ሳቅኩ። ረጅሙ ግን አልሳቁም። «እሺ፣ ለመሆኑ ጥፋተኛው ማነው ትያለሽ? ታላቁ ነው ታናሹ?»

ማስታወሻ ደብተሬን ገለጥኩ። መብራቱን፣ ካርቶኑን፣ ሰው የት ላይ እንደሳቀ ሁሉ መዝግቤያለሁ። ማን እንዳጠፋ ግን ለአንድ አፍታም አላሰብኩም ነበር። ረጋ ብሎ አይቶ ይፍረድ የተባለው ተመልካች እኔ ብሆን፣ መርጋቱን ብቻ ነው የቻልኩት።

«ታናሹ ነው እንጂ!» አሉ እሳቸው መልሴን ሳይጠብቁ። «ቡናው ሲኮተኮት የት ነበር?»

«እሱን አትስሚው» አሉኝ ማር ነጋዴው። «ዕድሜ ልኩን ለታላቅ ነው የሚፈርደው፤ ራሱ ታላቅ ስለሆነ!»

እየተከራከሩ ተሳፈሩ። ረጅሙ በመስኮት ብቅ ብለው፣ «እስከ እሁድ አስቢበት» አሉኝ።

ወደ ቤት በባጃጅ ሄድኩ። ወሬው ቀድሞኝ ነበር።

«እህት፣ ከአዳራሹ ነሽ? ታረቁ?» አለኝ ሹፌሩ ገና ሳልቀመጥ።

«ቀጠሮ ተይዟል።»

«የምን ጠብ ነው ግን?»

ከማላውቀው ሰው ጋር ብዙ አላወራም። ያን ቀን ግን ከመጀመሪያው ጀምሬ ነገርኩት፤ እሱም ጭቃውን እየሸሸ ያዳምጣል። ታላቁ ማሳውን ብቻውን ሲጠብቅ እንደኖረ ስነግረው አቋረጠኝ።

«ብቻውን? አንድ ማሳ ቡና ብቻውን ይለቅማል? ውሸታም ነው!»

«አይ፣ እህቱ...»

እህታቸው። ሦስት ጊዜ ቅርጫት ሙሉ ቡና ይዛ ገብታለች። ሦስት ጊዜም ማንም ሳያናግራት ወጥታለች። ድራማውን የጻፉት ልጆች ድርሻዋን አላነሱም። ሽማግሌዎቹ ሁለቱን ሲጠይቁ እሷ መድረኩ ጥግ ቅርጫቷን ይዛ ቆማ ነበር፤ አሁን ትዝ አለኝ። እኔም አየኋት፤ አይቼም አልጻፍኳት።

«እህቱ ምን?» አለ ሹፌሩ።

«እሷ ነበረች የምትለቅመው።»

«ታዲያ ማሳው የማነው?» አለ። ቤቴ ደርሰን ነበር፤ እሱ ግን ሞተሩን አላጠፋም፣ እኔም ቶሎ አልወረድኩም።

በማግስቱ ጠዋት ከሁሉም ቀድሜ ክፍል ገባሁ። ካርቶኑ ከሌሎቹ የድራማ ዕቃዎች ጋር ጥግ ላይ ተደግፏል። አንዱ ጫፉ በዝናብ ርሶ አብጧል። አንስቼ ገለበጥኩትና በጀርባው በወፍራም እስክሪብቶ ጻፍኩበት። ሰሌዳው ላይ አቆምኩት። አማካሪዬ ገብተው የፊተኛው ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ ልጆቹም ሞሉ። አዘጋጁ ጮክ ብሎ አነበበው።

«ቡናውን የለቀመው ማነው?» ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «ይሄ ከየትኛው ሃያሲ ነው የተወሰደው?»

አማካሪዬ መነጽራቸውን አወለቁ። ያዘጋጀሁትን ወረቀት ጠረጴዛው ላይ በደረቱ ደፋሁት።

«የእኔ ነው» አልኩና ከእህትየዋ ጀመርኩ።