ከትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ጋር የታረቅን ዕለት

መርሳ ውስጥ ኬሚስትሪ ሳስተምር ቆይቼ አንድ ቀን ለማስተማር ብቁ አይደለሽም ተባልኩ። ዲግሪው አለኝ፤ የጎደለኝ የመምህርነት ሙያ ሥልጠና ነው። ስቀጠር ማስታወቂያው ሥልጠናውን አልጠየቀም፤ በኋላ የወጣው መመሪያ ግን ይጠይቃል። የትኛው ነው እኔን የሚመለከተኝ? የጠየቅሁት ሁሉ የየራሱን ነገረኝ። ግራ ሲገባኝ ወልድያ ሄጄ ከሰስኩ። ፍርድ ቤቱ ነገሩ እስኪወሰን ከሥራ እንዳልሰናበት አገደልኝ። እናም በከሰስኩት መሥሪያ ቤት ጠመኔ እየጻፍኩ ማስተማሬን ቀጠልኩ።

ውርጌሳ አካባቢ ገበሬ የሆኑት አባቴ ይህን ሲሰሙ፣ «ከማን ጋር ነው የተጣላሽ?» አሉኝ።

«ከወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት ጋር።»

«መሥሪያ ቤት አፍ የለው ምን የለው! ሰውየውን ንገሪኝ።»

«ኃላፊው አለ፤ ግን እሱ እኮ...»

«በቃ፣ እሱ ነው። አብሽሪ!»

በመርሳ ገበያ ቀን ሽማግሌዎች አስከትለው፣ እኔንም እየጎተቱ፣ ኃላፊው ቢሮ ገቡ። ኃላፊው ደንግጦ ከወንበሩ ተነሣ።

«አባቶቼ፣ ምነው በሰላም?»

«ይችን ልጅ፣ አስቀይማህም እንደሆነ፣ አፉ በላት» አሉት አንደኛው።

«ኧረ ወላሂ! እኔ ከእሷ ጋር ምንም ጠብ የለኝም። ጎበዝ አስተማሪ ናት። መመሪያው ነው እንጂ...»

መመሪያውን የሚሰማ አልነበረም። ሽማግሌዎቹ እጃቸውን ለዱዓ ዘርግተው ነበር። እጅ ለእጅ አያያዙን፤ አባቴም እሑድ ቤታችን መጥቶ እንጀራ እንዲቆርስ ቃል አስገቡት። እኔ ለምን እንደሆነ ሳላውቅ «አሚን» እያልኩ ነበር።

የፍርድ ቤቱ ቀጠሮ ከእሑድ በፊት ነበር። «ታርቀሽ ስታበቂ ልትካሰሺ?» አሉ አባቴ። «ሽማግሌ ልትረግጪብኝ ነው?» በቀጠሮው ጠዋት መናኸሪያ ቆሜ ረዳቱ «ወልድያ! ወልድያ!» እያለ ሲጣራ እሰማለሁ፤ እግሬ ግን እምቢ አለ። ብሄድ ሽማግሌ ረገጥኩ፤ ብቀርስ? ጠብ የለኝም ያለ ሰው እንዴት ሊሟገተኝ ይመጣል? ተመለስኩና ክፍል ገብቼ ስለ አሲድ አስተማርኩ።

ከሰዓት በኋላ ኃላፊው ራሱ ትምህርት ቤት ድረስ መጣ። ወደ ደጅ ጠራኝ። ፊቱ ጠቁሯል።

«ለምንድን ነው የቀረሽው?»

«ታረቅን ብዬ ነዋ!»

«እሱማ ታርቀናል። የመሥሪያ ቤታችን ነገረ ፈጅ ግን ሥራው ነው፣ ቀረበ። ከሳሽ ስላልመጣች መዝገቡ ተዘጋ፤ እግዱም ተነሣ። ከነገ ጀምሮ...»

ልጮኽበት ፈለግሁ። ግን በማን ላይ ነው የምጮኸው? ሰውየው ከእኔ የባሰ ያዘነ ይመስላል። በማግስቱ ወልድያ ሄጄ፣ መዝገቡ እንዲከፈት ማመልከቻ ጻፍልኝ ያልኩት ጸሐፊ፣ «የቀረሽበትን ምክንያት ምን ልበል?» አለኝ። ከተከሳሹ ጋር ታርቄ ነው አልኩት። እስክሪብቶውን አስቀመጠና ትክ ብሎ አየኝ።

እሑድ ኃላፊው አይመጣም ብዬ ነበር፤ ስኳር ይዞ መጣ። መዝገቡ መዘጋቱን አባቴ ገና አልሰሙም። ከታረቅንበት ቀን ጀምሮ ደስታቸው ልክ አልነበረውም፤ ጎረቤቱን ሁሉ ጠርተዋል፤ እኔም ከየት ጀምሬ እንደምነግራቸው አጣሁ። ትልቅ ጉርሻ ጠቅልለው አጎረሱት።

«ልጄን አደራ። አንተ እያለህ ማን ከሥራዋ ያስነሣታል?»

ኃላፊው አፉ እንደሞላ እኔን አየኝ። እኔ ወጡን አየሁ። እንደ ምንም ዋጠውና፣ «እሺ አባቴ፣ አለሁላት» አለ።

አባቴ ፊታቸው በርቶ ወደ እኔ ዞሩ። «አላልኩሽም?»

«ብለውኛል፣ አባ» አልኩ።