የንጉሡ ፋሲካ፣ የንግሥቲቱ ጾም

ልጄ ትንሽ ሳለች የቤታችን ቀማሽ እሷ ነበረች። በጾም ወራትም ቢሆን የፍስክ ምግብ የሚሠራበት ቀን አይጠፋም፤ ለአራስ፣ ለታመመ ሰው፣ ወይም ቀዳም ሹር ዕለት ለፋሲካ። እኔ ስለምጾም አልቀምስም። ከድስቱ በማንኪያ አንስቼ፣ እፍ ብዬ ወደ እሷ እዘረጋለሁ። ዓይኗን ጨፍና ታጣጥምና "ጨው" ወይም "ኦኬ" ትላለች። ከዚያ በላይ አትናገርም ነበር። ተሳስታም አታውቅም።

በዚያ ዓመት ዐቢይ ጾም እንደገባ ለአንዲት አራስ የዶሮ አልጫ እየሠራሁ፣ እንደ ልማዴ ማንኪያውን ዘረጋሁላት። አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለች።

"ማሚ፣ እየጾምኩ ነው።"

"ሙሉውን?"

"ሙሉውን።"

አሥራ አምስት ዓመቷ ነው። ጹሚ ብዬ ያዘዝኳት ነገር የለም። ማንኪያውን እንደያዝኩ በልቤ ተመስገን አልኩ።

ደስታዬ ሳይቀዘቅዝ ግን አንድ ነገር ሰማሁ። ልጅዋ ከልጄ ጋር የምትማር እናት ከቅዳሴ ስንወጣ ጠጋ አለችኝና "ልጅሽ ደኅና ናት? በምሳ ሰዓት ከጓደኞቿ ጋር አትቀመጥም አሉ። ላይብረሪ ትገባለች። ሲጠይቋት አልራበኝም፣ ሆዴን አሞኛል ትላለች" አለችኝ። የምቋጥርላት የምስር ሳምቡሳ ለካ የሚበላው ወደ ቤት በምትመለስበት አውቶብስ ውስጥ ነው።

ጾምን መሰወር ወንጌል ያዘዘው ነው። ስትጾሙ ፊታችሁን ታጠቡ ተብለናል። ግን ለእግዚአብሔር ብሎ መሰወር ሌላ ነው፣ ሰውን አፍሮ መደበቅ ሌላ። ልጄ የቱን እያደረገች እንደሆነ አውቄዋለሁ። በጸሎቴ ብቻ አንድ ነገር እጨምር ጀመር። ሳታፍር ትጹም።

የታሪክ ትምህርቷ የመጣው በዚህ መሐል ነው።

አንድ ቀን፣ በምንኖርበት የውጭ አገር ከተማ ሶዶ በሚባል ሰፈር ካለው የልብስ ማጠቢያ ፋብሪካ፣ ከሥራዬ ማለት ነው፣ ባቡር ይዤ ሾርላይን ቤቴ ስገባ ልጄ የወጥ ቤቱን ጠረጴዛ በወረቀት ሞልታ አገኘኋት። የባለቤቴ ታላቅ እህትም ማውንት ቤከር ከሚባለው ሰፈራቸው መጥተው ከአጠገቧ ተቀምጠዋል። እኔ እትዬ እላቸዋለሁ። አሥመራ ተወልደው አዲስ አበባ ያደጉ፣ ቀልድ የማያልቅባቸው፣ ጾም የማይዘሉ ሴት ናቸው።

"ምንድን ነው ይሄ ሁሉ?"

"ማሚ፣ የጥንት እንግሊዝ ነው። ክላሱ በሰባት መንግሥት ተከፍሏል። ሶ፣ የእኛ ግሩፕ ኖርዘምብሪያ ነው።"

"እንግሊዝ አንድ አገር አይደለም እንዴ?" አሉ እትዬ።

"አሁን ነው፣ አክስቴ። ያኔ ሁሉም የየራሱ ንጉሥ ነበረው። የቲቸራችን ጥያቄ እሱ ነው። እንዴት አድርገው ነው 'እኛ' ማለት የጀመሩት? ወላጆች ይመጣሉ፣ ሰባት ጠረጴዛ ይዘጋጃል፣ እያንዳንዱ ግሩፕ አንድ ነገር አክት ያደርጋል። ሌሎቹ ጦርነት ነው የሚያሳዩት። በካርቶን ሰይፍ።"

"እናንተስ?"

"እኛ የፋሲካን ነገር።" ድምፅዋ ዝቅ አለ። "እኔ ነኝ የመረጥኩት።"

ከዚያ ነገረችን። የኖርዘምብሪያው ንጉሥ ሃይማኖት የተማረው ከአየርላንድ ከመጡ መነኮሳት ነው። ንግሥቲቱ ግን ከደቡብ፣ ኬንት ከሚባለው መንግሥት ወገን ናት፤ የተማረችውም እንደ ሮማውያኑ ሥርዓት ነው። ሁለቱም ክርስቲያን ናቸው፣ የፋሲካው አቆጣጠራቸው ግን ይለያያል። ስለዚህ ንጉሡ ጾሙን ፈትቶ ፋሲካ ሲያከብር ንግሥቲቱና ሰዎቿ ገና ሆሣዕና ላይ ሆነው የሚጾሙበት ዓመት ነበረ።

ጎመን መክተፌን አቆምኩ።

"በአንድ ቤት?"

"በአንድ ቤት፣ ማሚ።"

"ታዲያ ለሁለቱ ማነው የሚሠራላቸው?"

"ማሚ! ፖይንቱ እሱ አይደለም።"

"ለኔ እሱ ነው" አልኳት። እትዬ ሳቁ።

ንጉሡ በኋላ ጉባኤ ጠራ። የተሰበሰቡት በባሕር ዳርቻ ባለ ገዳም ነው፣ የገዳሙ አስተዳዳሪ እመምኔት ነበረች። ሁለቱም ወገን ተከራከረ፣ ንጉሡም በመጨረሻ ለንግሥቲቱ አቆጣጠር ፈረደ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ለመንግሥታቱ ሁሉ አንድ ሊቀ ጳጳስ ተላከላቸው፤ የጠርሴስ ሰው ነው፣ አብሮት የመጣው መነኩሴ ደግሞ አፍሪካዊ።

"ጠርሴስ!" አልኩ። "የጳውሎስ አገር!"

እትዬ ለአፍሪካዊው እልል አሉ።

"አክስቴ፣ ከእኛ አገር አይደለም፣ ከሰሜን አፍሪካ ነው።"

"ይሁን። ጎረቤት ነው።"

ሊቀ ጳጳሱ ጳጳሳቱን ከየመንግሥቱ ሰብስቦ መጀመሪያ ያስወሰነው ሁሉም ፋሲካን በአንድ ቀን እንዲያከብር ነው አለችን። ከዚያ ወዲያ ደግሞ ከገዳሙ ብዙም ወጥቶ የማያውቅ አንድ መነኩሴ ታሪካቸውን ሲጽፍ፣ ገና አንድ መንግሥት ሳይሆኑ፣ ሁሉንም በአንድ ሕዝብ ስም ጠራቸው።

"ከዚያ በኋላ አልተጣሉም?" አሉ እትዬ።

"ኦ፣ በጣም ተጣልተዋል! አንድ አገር የሆኑት ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው።"

"በአንድ ቀን እየጾሙ፣ በአንድ ቀን እየፈቱ፣ ይጣላሉ። እንደ እኛ ሰበካ ጉባኤ በይኛ!"

እኔ በሥራ ቦታ ከጎኔ አንሶላ የምታጥፈዋን ሴት አሰብኩ። ትግርኛ ነው አፏን የፈታችበት። ብዙ ነገር ተነጋግረን አናውቅም። በጾም ግን አንገቷን ወደ ሰዓቱ ቀና አድርጋ "ዘጠኝ ደረሰ?" ትለኛለች፣ እኔም "ደረሰልን" እላታለሁ። ደረሰልን ነው የምለው። ደረሰልሽ ብያት አላውቅም። የልጄ ጥያቄ መልሱ በእጄ የነበረ መሰለኝ። የቤት ሥራው ግን የሷ ነው።

"ንግሥቲቱን የምትሆነው ማናት?" ብዬ ብቻ ጠየቅኳት።

ወረቀቶቿን መሰብሰብ ጀመረች። "አልተወሰነም። ሁሉም አንቺ ሁኚ ይሉኛል፣ ምክንያቱም ሐሳቡ የኔ ነው። ግን መጨረሻ ላይ ሰው ጥያቄ ይጠይቃል። ለምን ትጾማለች ካሉኝ…" አልጨረሰችውም።

ሳምንት ሳይሞላ ንግሥቲቱ እሷ ሆነች። ንጉሡ ረጅሟ ጓደኛዋ ናት፣ ቅርጫት ኳስ የምትጫወተዋ። ይህች ልጅ በገና እኛ ቤት በልታ ታውቃለችና አንድ የንጉሥ ትእዛዝ ላከችብኝ። ለፋሲካው ግብር ዶሮ ወጥ ይሁን!

እንግዲህ ሁለት ማዕድ መሥራት ሆነ። ከሥራ ፈቃድ ወሰድኩ። እትዬ የኔን ቢላዋ ስለማያምኑት የራሳቸውን በጨርቅ ጠቅልለው መጡ። ለንግሥቲቱ ምስር፣ ሽሮ፣ ጎመን፣ ሱፍ ፍትፍት። እነዚህን እየቀመስን ሠራናቸው፣ አማሩ። ዶሮው ግን የንጉሡ ነው። ሽንኩርቱን አቁላላሁ፣ በርበሬው በሰለ፣ ቅቤው ገባ፣ ዶሮው ገባ፤ ጨው ጨመርኩ። ከሥራ ስልክ ተደወለልኝና ወደ ሳሎን ወጣሁ። ስመለስ እትዬ ድስቱን እያማሰሉ ነው።

"ሽታው እንዴት ነው እትዬ?"

ጎንበስ ብለው አሸተቱ። "ጨው ይዟል።"

እኔም አሸተትኩ። "ይዟል።"

ሁለታችንም ረካን። እኔ በጨመርኩት፣ እሳቸውም እኔ ሳሎን ሳለሁ በጨመሩት።

ባለቤቴ ሲገባ እትዬ ማንኪያ ዘረጉለት። "ና እስቲ ቅመስልን።"

"እኔ? ለእንግሊዝ ንጉሥ ብዬ ጾሜን ልፍታ?" ብሎ እጁን ወደ ኪሱ ከተተ። "እሱ ራሱ ይቅመስ!"

ቀማሻችን ጾመኛ ሆናለች። ድስቱ ሳይቀመስ ተከድኖ፣ በፎጣ ታስሮ፣ መኪና ውስጥ ገባ።

የትምህርት ቤቱ ምግብ አዳራሽ በወላጆች ተሞልቷል። ሰባት ጠረጴዛ፣ በየጠረጴዛው ባንዲራ። የካርቶን ሰይፎች ተማዘዙ፣ አንድ ንጉሥ ሁለት ጊዜ ሞተ፣ ሕዝቡ አጨበጨበ። ከዚያ የኖርዘምብሪያ ተራ ደረሰ። በአንድ ወገን ንጉሡ ከዶሮ ወጡ ጋር፣ በሌላው ወገን ልጄ የወረቀት ዘውድ አድርጋ፣ ከፊቷ ባዶ ሳሕን። የጾም ምግቡ ከኋላዋ ተሸፍኗል።

ረጅሟ ልጅ ተነሥታ ፋሲካ ነው፣ ደስ ይበላችሁ ብላ አወጀች። በትልቁ ጠቅልላ ጎረሰች። አላመጠች። ማላመጥ አቆመች። ዓይኗ በእንባ ተሞላ።

እትዬ እጄን ያዙኝ። "አንቺ… ጨው ጨምረሽ ነበር?"

"እርስዎስ?"

"እግዚኦ!" አሉ፣ በነጠላቸው አፋቸውን ሸፈኑ። ባለቤቴ ትከሻው ይንቀጠቀጣል፣ ሳቁን ማቆም አልቻለም።

ንጉሡ ግን ንጉሥ ነው። ዋጠች። አንድ ብርጭቆ ውኃ ጨለጠች፣ ሌላ አስቀዳች፣ "ደስ ይበላችሁ!" አለች እንደገና፣ ድምፅዋ ሻክሮ። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ጨዋታ የመሰላቸውም፣ ያልመሰላቸውም ሳቁ።

ሳቁ ሲበርድ ከሌላው ጠረጴዛ አንዲት ልጅ እጇን አወጣች። በክፋት አልነበረም የጠየቀችው። "ግን ይሄ ምግብ ብቻ ነው አይደል? ንግሥቲቱ ለምን ዝም ብላ አብራው አልበላችም?"

ልጄ ወረቀቷን አየች። ወረቀቱ ላይ መልሱ የለም። እመቤቴ ሆይ፣ አልኩ።

ልጄ ዘውዷን አውልቃ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

"እኔ አሁን እየጾምኩ ነው" አለች። "በእውነት ማለቴ ነው፣ በጨዋታው አይደለም። በምሳ ሰዓት አልራበኝም ያልኳችሁ ውሸት ነው፣ በጣም ይርበኛል።" ሰው ሳቀ፣ እሷም ፈገግ አለች። የተናገረችው በእንግሊዝኛ ነው፤ እንደ ገባኝ ልጻፈው። "ትምህርት ቤት ብቻዬን ስጾም ራቡ ረጅም ነው። ቤት ከእናቴ ጋር ስሆን ግን ያው ራብ አጭር ይሆናል፣ ምክንያቱም ሁለታችንም የምንጠብቀው ያንኑ አንድ ቀን ነው። ንግሥቲቱን የራባት ምግብ አይመስለኝም። አብሯት የሚጠብቅ ሰው ነው። እነዚያ መንግሥታትም 'እኛ' ማለት የጀመሩት አንድን ቀን አብረው መጠበቅ ሲጀምሩ ይመስለኛል። ሁሉም አይደለም፣ ግን ከዚያም ጭምር።"

ንጉሡ የውኃ ብርጭቆዋን እንደያዘች ተነሣች። የዶሮውን ሳሕን ወደ ጎን ገፋች፣ ጠረጴዛውን ዞራ መጥታ ከልጄ አጠገብ ተቀመጠች።

"ንግሥቴ" አለች ጮክ ብላ፣ "ጾምሽ ከእኔ ፋሲካ ይሻላል። ሽሮ አለ?"

ሽፋኑ ተነሣ። በመጀመሪያ ያቺ የጠየቀችው ልጅ መጣች፣ ከዚያ ካርቶን ሰይፍ የያዙት፣ ከዚያ ወላጆች። ሰባቱ መንግሥታት በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ እየተጋፉ እንጀራ ቆረሱ። ጎመኑ መጀመሪያ አለቀ። ልጄ ሱፍ ፍትፍቱን እያካፈለች ከሰው ሁሉ ጋር ታወራለች፤ በዚያ ጾም እንደዚያ ስትበላ አላየኋትም። እትዬ "ጉባኤውን የፈታሁት እኔ ነኝ፣ በጨው" እያሉ ለማያውቋቸው ሰዎች ሁሉ ይናገራሉ፣ ባለቤቴ ይተረጉማል።

በማግሥቱ ሳምቡሳዋን በምሳ ሰዓት ከጓደኞቿ ጋር እንደበላች ነገረችኝ። በዚያ ማግሥት ሁለት ሰው የሚያጠግብ እንድቋጥርላት ጠየቀችኝ። ላይብረሪውን ከዚያ ወዲህ ሲነሣ አልሰማሁም።

ቀዳም ሹር ዕለት ረጅሟ ልጅ ቤታችን መጣች። እትዬ እንዳዩዋት "ንጉሣችን መጡ! እሷ አትጾምም፣ ትቅመስልን" አሉ። ከድስቱ በማንኪያ አንስቼ፣ እፍ ብዬ ዘረጋሁላት። ተቀበለችኝ። ወደ አፏ አድርሳ ልጄን አየቻት።

"አንቺስ?"

"ነገ" አለቻት ልጄ።

ልጅቷ ትንሽ አሰበች። ከዚያ ማንኪያውን መለሰችልኝ።

"ሶ፣ እኔም ነገ።"

ድስቱ ዳግመኛ ቀማሽ አጣ። እትዬን ከወጥ ቤት አስወጣሁና፣ ስመ ሥላሴን ጠርቼ ጨዉን አንድ ጊዜ ብቻ ጨመርኩ።