ከጀርባ የሚቀመጠው ሰው

የሰው ዕድሜ ተለክቶ አራት ጅማት ቢሆን፣ ኖረ ይባላል ወይስ ባከነ? በሕንድ አገር፣ በፑኔ ከተማ የሙዚቃ አዳራሽ ዘበኛ የሆነው ባልቻንድራ ያን ሽማግሌ ባየ ቁጥር ይህ ጥያቄ ይመላለስበታል።

ሽማግሌው ሁልጊዜ ከድምፃዊቷ ጀርባ ይቀመጣል። ታንፑራ የምትባለውን፣ ቁመቱን የምታህል ባለቅል የክር መሣሪያ ትከሻው ላይ አስደግፎ አራቱን ጅማቶች ያለ ዜማ፣ ያለ ለውጥ፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ይደረድራል፤ ድምፃዊቷ ርቃ ሄዳ የምትመለሰው ወደዚያ ድምፅ ነው። የሸሚዙ ኮሌታ ነትቧል፤ ሌባ ጣቱ እንደ ቀንድ ደድሯል። በልጅነቱ ዘፈን ሊማር መጥቶ እዚያው ጀርባ እንደቀረ ይወራል። አንዳንዴ ከንፈሩ ከድምፃዊቷ ቀድሞ ይንቀሳቀሳል።

«አባባ፣ አምስተኛ ጅማት የሚገዛልዎ ዘመድ ጠፋ?» ይላል ባልቻንድራ እየቀለደ።

«አራቱን መች ጠገብኳቸውና፣ ልጄ!» ይላል፣ ደረጃው ላይ አረፍ ብሎ ጉልበቱን እያሸ።

አሁን አሁን ግን ከድምፃዊቷ አጠገብ አንዲት የኤሌክትሪክ ሳጥን ተቀምጣለች፤ ያንኑ ድምፅ ሳትደክም፣ ቅኝቷ ሳይፈታ ስታሰማ ታመሻለች። ሽማግሌውን ያላሰናበቱት ለመድረኩ ያምራል ብለው ነው። ይደረድራል፤ የታንፑራውን ድምፅ ግን ራሱም አይሰማውም።

ዛሬ መጋረጃው ሊከፈት ሲል ወደ ድምፃዊቷ ጎንበስ አለ።

«እትዬ፣ ለመክፈቻው ብቻ ሳጥኗን ያጥፉልኝ። የእኔዋ አሁንም ትሰማ እንደሆን ልወቀው።»

«ውይ አባባ፣ ዛሬ ሰዉ እንዲህ ሞልቶ! ሌላ ቀን፣ እሺ?» አለች፣ ፊቷን ሳታዞር።

የሳጥኗ ሶኬት መጋረጃው ጥግ ቆሞ ይሰማ በነበረው በባልቻንድራ እግር ሥር ነበር። እሱም አልነቀለውም።