ንጹህ ድምፅ

ባልደረቦቹ «ጆሮው» ይሉታል። በር ሲጢጥ ሲል ሰምቶ ከሰላምታ በፊት «ዘይት ያንሰዋል» የሚል፣ ቆርቆሮ ላይ ከሚወርድ ዝናብ ዜማ የሚያወጣ ሰው ነው። ስንትና ስንት ፊልም ላይ ድምፅ ቀርጿል፣ ሙዚቃ ደርሷል፤ ስሙ ግን የሚመጣው ተመልካቹ ጃኬቱን ለብሶ ወደ በሩ ሲጋፋ ነው።

ፊልሞቹ ከጀርባቸው ሀብታም ስላልነበራቸው ስቱዲዮው የእናቱ ሳሎን ነበር። እሷ ወጥ ቤት ሆና ታንጎራጉራለች፤ እሱ ማዳመጫውን ጆሮው ላይ ደፍቶ «እማዬ፣ ዝም በይ እስቲ፤ እየቀረጽኩ ነው» ይላል። ትንሽ ቆይታ ትረሳውና ትቀጥላለች። ያመለጠውን እሱ ኋላ በኮምፒውተሩ እየለቀመ ያጠፋዋል፤ የጸዳውን ያስቀምጣል፣ የፊተኛውን ይጥለዋል። የቅርብ ጠበል ልጥ ይነከርበታል እንዲሉ፣ የእናቱ እንጉርጉሮ ለእሱ ጉድፍ ነበር።

እናትየው ሳትታመም፣ ሳትሰናበት ሞተች። ለቀስተኛው ሲሳሳ ነፍሰ ጡር እህቱ አጠገቡ ተቀመጠች።

«ፎቶዋ ሞልቷል፤ ድምፅዋ ግን እየጠፋብኝ ነው» አለችው። «በስልክ እንዳልቀርጻት ካሜራ ስታይ አፏ ይያዝ ነበር። ይሄ ልጅ አያቱን በድምፅ እንኳ ይወቃት። አንተ የአገሩን ጫጫታ ስትለቅም ኖረህ የሷን አታጣም መቼም።»

«አላጣም» አለ አፉን ሞልቶ።

ሃርድ ዲስኮቹን አንድ በአንድ ከፈተ። የጎረቤት ውሻ አለ፣ የአውቶቡስ ፍሬን አለ፣ ጄነሬተር አለ። እሷ የለችም። ያንጎራጎረችበት ቦታ ሁሉ እንደተወለወለ ወለል ጽድት ብሏል። ሥራው እንከን የለሽ ነበር። ዕድሜ ልኩን የኮራበትን እጁን ጠላው።

በመጨረሻ ፊልሙ መሃል መንገድ ላይ ስለቀረ ያልነካው አንድ ቅጂ አገኘ። እህቱን ጠርቶ ማዳመጫውን ራሷ ላይ አደረገላት፤ እሱ ከጎን ጆሮውን አስጠጋ። ድስት ተከደነ። ማንኪያ ተቀመጠ። እናታቸው ትንፋሿን ሳብ ስታደርግ ተሰማ፤ ልትጀምር ነው። እህቱ ክንዱን ጨበጠችው።

ወዲያው የራሱ ድምፅ መጣ፣ ከማይኩ አጠገብ፣ ጥርት ብሎ፦ «እማዬ፣ ዝም በይ እስቲ።»

የዚያን ዕለት እናትየው አልረሳችም። ቅጂው እስኪያልቅ ድረስ ዝም አለች፤ እህቱም ማዳመጫውን ሳታወልቅ እስከ መጨረሻው ጠበቀቻት።