መርዳሳ ያራገፈው ድንጋይ

ይህን የምታነቡ ሁሉ አስቀድማችሁ ይቅር በሉኝ። እኔ ዘውድነሽ ወጥ ሠሪ ነኝ። ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ነው፣ ያውም ልጆቼ ለአቅመ ሔዋን ከደረሱ በኋላ። ስለ ድንጋይና ስለ ምድር መጻፍ የተማረ ሰው ሥራ መሆኑ አልጠፋኝም። ግን የመርዳሳን ነገር «አንቺ ጻፊው፣ እኔ ብዕር ሳነሣ ፊቴ ይግላል» ያለኝ ራሱ ነው። በአንድ አግዳሚ ተቀምጠን ሀ ሁ ስላልን አንቱ አልለውም። ስሕተት ካለ የእኔ ነው።

መርዳሳ የወለንጪቲ ሰው ነው። በ1975 ዓ.ም. ከከተማው ወዲያ ካለው ተራራ ሥር የመሬት ጥናት ሰዎች ድንኳን ሲተክሉ መንገድ መሪና ዘበኛ ሆኖ ተቀጠረ። እኔም ያኔ ነው ለወጥ ሥራ የገባሁት። ሰዎቹ የሚፈልጉት ምድር ውስጥ የሚፈላውን ውሃ፣ እንፋሎቱን ነው። ተራራው ስንት ጊዜ እንደፈነዳ ከድንጋዩ ይነበባል ይላሉ። መርዳሳ ይህን ሲሰማ «እኛ ገና ከወረቀት ማንበብ እያቃተን!» እያለ ይስቅ ነበር።

አለቃቸው አቶ ሙሉብርሃን ገና ወጣት ነው፤ ለቀን ሠራተኛ እንኳ ከመቀመጫው የሚነሣ ልጅ። ከእጁ የማይለይ አንድ አሮጌ መጽሐፍ ነበረው። ስለዚህ አገር ምድር ቀድመው ከጻፉት መካከል የነበረ አንድ ፈረንጅ በጃንሆይ ጊዜ እየዞረ የጻፈው ነው። መጽሐፉ የተራራው አናት ላይ ነጭ፣ ቀላል ድንጋይ አለ ይላል። ያ ተረከዝ የምንፍቅበት፣ ውሃ ላይ የሚንሳፈፈው ድንጋይ ማለት ነው። እሱ አናቱ ላይ ካለ ተራራው ከጥቁሩ ድንጋይ በኋላ እንደገና ፈንድቷል ማለት ነው፤ አቶ ሙሉብርሃን እንዲህ ነው ያስረዳን።

ሦስት ጊዜ ወጡ። አናቱ ጥቁር ድንጋይ ብቻ። «ቀድሞ የጻፈ ሰው አይሳሳትም፤ ከሥር ተቀብሮ ይሆናል» ብሎ አቶ ሙሉብርሃን ጉድጓድ አስቆፈረ። ጉድጓዱ ተደረመሰና ጃራ የሚባለው ቆፋሪ እግሩ ተሰበረ። ወደ ናዝሬት፣ ሆስፒታል ወሰዱት።

ከዚያ ቀን ጀምሮ መርዳሳ እህል አልወርድ አለው። እኔ ለጃራ አዝኖ መስሎኝ ነበር።

አንድ ቀን ወደ ማታ፣ ፀሐይ ገና ሳትጠልቅ፣ አቶ ሙሉብርሃን መጽሐፉን እያገላበጠ ከድንኳኑ ወጣ።

«ጋሽ መርዳሳ! እርስዎ እኮ እዚህ ውስጥ አሉ!»

«የት ውስጥ?»

«መጽሐፉ ውስጥ። መግቢያው ላይ። ‹ድንጋዩን ከተራራው ላወረደልኝ ለታማኙ መርዳሳ ምስጋናዬን አቀርባለሁ› ይላል። እርስዎ አይደሉም?»

ሾፌሩ ወዬሳ ጎማ ሲፈታ ነበር፤ ቁልፉን ጥሎ ተነሣ። የመርዳሳ እኩያ ስለሆነ በቀልድ አይምረውም። «ኤሬ! ኦቦ መርዳሳ፣ ፈረንጅ አገር ድረስ ታውቀሃል እኮ! ዛሬ በግ ካልጣልክ ነገ መኪናዬ ላይ አትወጣም። ጓድ ታማኙ!»

ሁሉም ሳቁ። አቶ ሙሉብርሃን «ታማኙ መርዳሳ» ብሎ በአማርኛ ብጣሽ ወረቀት ላይ ጽፎ ሰጠው። «ያንብቡት እስቲ፣ ተምረው የለ?»

መርዳሳ በጣቱ እየተከተለ «ታ… ማ… ኙ…» አለ። ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ ብሎ ተመኘ።

«እንግዲህ ታማኝ ሰው ካወረደው ድንጋዩ የአናቱ ለመሆኑ ጥርጥር የለውም» አለ አቶ ሙሉብርሃን። «ነገ በምሥራቅ በኩል ሌላ ጉድጓድ እናስጀምራለን።»

አሁን ወደ ኋላ ልመልሳችሁ። በ1959 ዓ.ም. ነው። ፈረንጁ አናቱ ላይ ድንጋይ ለቅሞ፣ በአሥራ አራት ትንንሽ ከረጢት ከትቶ፣ በየከረጢቱ ቁጥር የተጻፈበት ወረቀት አኖረ። ከዚያ ወባ ጣለውና በበቅሎ ቀድሞ ወረደ። ድንጋዩን በአህያ እንዲያወርድ የታዘዘው መርዳሳ ነበር። አህያዋ መንገድ ላይ አነከሰች። መርዳሳ ሸክሙን ወደ ጀርባው አዞረ፤ ጥቂት እንደሄደ ትከሻው ተላጠ። ግማሽ መንገድ ላይ አንድ ቦረቦር አለ፤ ቦረቦሩ በዚያ ክብደት በሌለው ነጭ ድንጋይ የተሞላ ነው። ቁጭ ብሎ አሰበ። ሰውየው የፈለገው ድንጋይ አይደል? ይሄስ ድንጋይ አይደል?

ጥቁሩን እዚያው ደፍቶ ነጩን ሞላበት። ወረቀቶቹን ግን አልጣለም። የተጻፈ ነገር እንደ ክታብ ያስፈራዋል፤ እያንዳንዱን እያወጣ በየከረጢቱ መለሰ። ፈረንጁ ከረጢቶቹን ሲፈታ ቁጥሩ አንድም አልጎደለም፤ አናቱ ላይ የለቀመውን ትኩሳቱ አስረስቶት ነው መሰል፣ የድንጋዩን መለወጥ አላስተዋለም። ከትኩሳቱ ጋር እየተንቀጠቀጠ ተነሥቶ የመርዳሳን እጅ ጨበጠ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ሰጠው። መርዳሳ ያንን ባርኔጣ ስንት ሠርግ አጅቦበታል።

ክፋት አልነበረውም። ድንጋይ ቃል እንዳለው አያውቅም ነበር፤ ያወቀው እዚህ ካምፕ ገብቶ ነው። ካወቀ በኋላ ግን ሦስቱን ጊዜ መንገድ እየመራ ወጣ፣ ዝም አለ፣ ጃራ ጉድጓድ ሲገባም ዝም አለ። ያኔ አሻጥረኛ የተባለ ሰው መግቢያው የት እንደሆነ የታወቀ ነው። «እስሩን ፈርተህ ነው?» ብዬ ጠይቄው ነበር። «አይደለም ዘውዴ፣ የአለቃችንን፣ የዚያን ልጅ ፊት ነው የፈራሁት» አለኝ።

በማግሥቱ ማለዳ መርዳሳ ጆንያና ገመድ ይዞ ወጣ። ቦረቦሩ ጋ ሲደርስ ጥቁሩን ድንጋይ ሣር በቅሎበት እዚያው ተከምሮ አገኘው። ከነጩ መሐል ተለይቶ ይታያል። ጎርፍ ጥቂቱን ሳይወስደው አልቀረም። የቀረውን ለቅሞ በጀርባው አዘለና ጎብጦ ወረደ። ቆፋሪዎቹ አካፋቸውን ትከሻቸው ላይ አድርገው ሊነሡ ሲሉ ደረሰ። ድንኳኑ ፊት ዘረገፈው።

«ምንድን ነው ጋሽ መርዳሳ?»

«የፈረንጁ ድንጋይ ነው። የአናቱ ይሄ ነው። ሸክሙ ቢከብደኝ መንገድ ላይ ደፍቼ ነጩን ከቦረቦር አፈስኩለት። እኔ ነኝ።»

አቶ ሙሉብርሃን አንዱን አንሥቶ ብዙ አገላበጠው። «ስንት ሰው ይሄን መጽሐፍ አምኖ…» ብሎ ጀመረና ተወው። ከዚያ ወደ ቆፋሪዎቹ ዞሮ «አካፋችሁን አስቀምጡ» አለ። አልሰደበውም። መርዳሳ ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር ይላል እስከ ዛሬ።

መርዳሳ ብጣሿን ወረቀት ከኪሱ አውጥቶ መጽሐፉ ላይ አኖረና ንፋስ እንዳይወስዳት አንድ ጥቁር ድንጋይ ጫነባት። ቁርስ አቀረብኩለት፣ አልነካም። ወዬሳ ለጃራ ስንቅ ሊያደርስ ወደ ናዝሬት ሞተር አስነሥቶ ነበር።

«ጠብቀኝ፣ ለጃራ ራሴ ነኝ የምነግረው» አለ መርዳሳ። ጋቢናው ባዶ ነበር፤ ወዬሳም በሩን ከፈተለት። እሱ ግን ዞሮ ከኋላ፣ ከባዶ የውሃ በርሜሎች መሐል ወጥቶ ተቀመጠ።