ጠራዡ ያላነበበው ገጽ

ሰፈሩ በሙሉ የሚያውቀው «ጋሽ ሙጫ» በሚል ስም ነው። ስሙ የወጣለት መጽሐፍ ስለሚጠርዝ ብቻ እንዳይመስላችሁ፤ አፉም እንደ ሙጫ ስለሚይዝ ነው። ሠላሳ ስምንት ዓመት ሙሉ የሰው ደብዳቤ፣ የሰው ማስታወሻ፣ የሰው የፍርድ ቤት መዝገብ በዚያች ጠባብ ሱቁ ሲገባና ሲወጣ፣ ከአፉ አንድ ቃል አምልጦት አያውቅም። ምስጢሩ ቀላል ነው፤ አያነብም። የወረቀቱን ዳር ያስተካክላል፣ በወስፌ ይበሳል፣ በሰም በታሸ ክር ይሰፋል፣ በቃ። አንዴ ጎረቤቱ ልብስ ሰፊው «የዚያችን ሴትዮ የፍቅር ደብዳቤ ስትጠርዝ ሳታይ እንዴት አስቻለህ?» ብሎ ቢነዘንዘው፣ «አንተስ ሱሪ ስትሰፋ ኪስ ትፈትሻለህ እንዴ?» አለው። ልብስ ሰፊው ወደ ስፌት መኪናው ተመለሰ፤ ይፈትሽ ነበርና።

አንድ የጥንት መጽሐፍ ሰብሳቢ ወደ ሱቁ የመጣውም ይህን ሰምቶ ነው። በጨርቅ የተጠቀለለ ነገር ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ።

«ጋሼ፣ ይሄ የዕጣ ካርታ ነው» አለ። «ዓለም አንድ ብቻ አይደለችም ይላል። እዚህ ያልሄድክበትን መንገድ በሌላው ዓለም ሄደህበታል። እያንዳንዱ ገጽ የአንድ ቤት ሰዎች ካርታ ነው፤ እዚህ የሆነውም እዚያ የሆነውም ተሥሎበታል። ክሩ በስብሶ ገጾቹ ተበታተኑ። ሁለት ጠራዦች ጋ ወስጄው ነበር፤ ሁለቱም የራሳቸውን ገጽ ፍለጋ ገብተው ሥራውን ረሱት።»

«እኔ አላነብም» አለ ጋሽ ሙጫ።

«እሱን ብዬ ነው የመጣሁት።»

ገጾቹ ቁጥር የላቸውም። የጻፋቸው ሰው ግን ብልህ ነበር፤ በእያንዳንዱ ገጽ ግርጌ የሚቀጥለውን ገጽ የመጀመሪያ ቃል አስቀምጧል። ጋሽ ሙጫ መሀሉን በካርቶን ሸፍኖ፣ ከላይ አንድ ቃል፣ ከታች አንድ ቃል እያየ፣ ሦስት ቀን ሙሉ ገጽ ከገጽ አገናኘ። በአራተኛው ቀን ከምሳ በኋላ አንድ ገጽ ቀረ። ሊያነሳው ሲል ካርቶኑ ተንሸራተተ።

ሰማያዊ በር ተሥሏል። ከበሩ ፊት ሁለት ደረጃ፣ ሁለተኛው ጥጉ የተሸረፈ። የራሱ ቤት በር ነው። ከደረጃው ብዙ መንገዶች እንደ ክር ተበትነዋል። አናቱ ላይ ያለው ቃል «ዝናቡ» ይላል።

ካርቶኑን መልሶ ከደነበትና ተቀመጠ።

ከሃያ ሁለት ዓመት በፊት፣ እሱና ሚስቱ ድንቢጥ የሚሏት የሰባት ዓመት ልጃቸው በትኩሳት ስትነድ፣ ሰማዩ እንደ ተቀደደ ይዘንብ ነበር። «እስኪያባራ እንጠብቅ» ተባለ። ሲያባራ ሐኪም ቤት አደረሷት፤ ሐኪሙ «ምነው ትንሽ ቀደም ብትሉ» አለ። ድንቢጥ አልተመለሰችም። ያን «እስኪያባራ» የተናገረው እሱ ራሱ እንደሆነ ጋሽ ሙጫ ያውቃል። ሚስቱ አንድም ቀን አላነሳችበትም፤ እሱም ሆድ ይፍጀው ብሎ ያዘው። ዝናብ በመጣ ቁጥር እሷ ጓዳ፣ እሱ ሱቅ ይቀመጣሉ። አሁን ካርቶኑን ገለጥ ቢያደርግ፣ ያኔውኑ በዝናቡ ቢወጡ ልጅቷ ትተርፍ ነበር ወይስ አትተርፍም ነበር የሚለውን ያውቃል። ለማወቅ ጓጓ። ፈራም።

ሚስቱ ከጓዳ ሻይ ይዛለት ገባች።

«ምን ሆነሃል? ፊትህ ወረቀት መስሏል።»

ነገራት። የመጽሐፉን፣ የበሩን ሥዕል፣ ከዚያም ሃያ ሁለት ዓመት የዋጠውን። «ባነበው ልጄን የገደልኳት እኔ መሆኔን ያረጋግጥልኛል» አለ። «‹እስኪያባራ› ያልኩት እኔ ነኝ።»

ሚስቱ ብርጭቆውን አስቀመጠች። «ምን ትላለህ? እኔ ነኝ እንጂ! በመስኮት አይቼ፣ ‹ብርድ ይመታታል፣ እስኪያባራ› ያልኩት እኔ ነኝ። አንተማ ጫማህን አድርገህ ነበር።»

«ጫማዬን ያደረግኩት ከዚያ በኋላ ነው።»

«በፊት ነው! ጫማህን አድርገህ በእኔ ቃል ተመለስክ። ምን ዓይነት ሰው ቢሆን ነው አንድ ቀን እንኳ ያልወቀሰኝ እያልኩ ነው የኖርኩት።»

ተያዩ። ከዚያ ሁለቱም አለቀሱ፤ በእሱ የሥራ ሽርጥ ተራ በተራ ፊታቸውን እየጠረጉ።

«ካርታው ‹እስኪያባራ› ያለው ማን እንደሆነ ይናገራል?» አለች በመጨረሻ።

«ሳይናገር አይቀርም።»

እጇን ካርቶኑ ላይ አሳረፈች። «አንተ ከሆንክ እኔ ላዝንብህ ነው፤ እኔ ከሆንኩ አንተ ልታዝንብኝ ነው። እንደተሸፈነ ስፋው!»

በሥራ ዘመኑ ለማንም አስነክቶ የማያውቀውን ክር አስያዛት። እሷ ወጥራ ያዘች፣ እሱ ሰፋ። ስንቱን የተማረ ሰው ያሳበደ መጽሐፍ እጁ ላይ ወድቆ፣ ስፌቱ ዝንፍ አላለም። እንዲህ ያለ ሰው ነው ጋሽ ሙጫ።

በማግስቱ ሰብሳቢው መጥቶ አገላበጠው፤ አንድም ገጽ አልጎደለም። «የራስህን ገጽ አላገኘህም?» ሲል ጠየቀ።

«አግኝቼዋለሁ። ቦታው ላይ ነው።»

ሰውዬው ወጥቶ ብዙም ሳይቆይ ሰማዩ ጠቆረ፤ ዶፉ ወረደ። ሚስቱ ከጓዳ ወጣች። ጃንጥላ ይዛለች።

«ተነስ፤ መቃብሯ ድረስ ሄደን ድንቢጥን አይተናት እንምጣ።»

«አሁን? በዚህ ዝናብ?»

«በዚህ ዝናብ።»

ጫማውን አደረገ።